አሥራ ሁለት ደቂቃ ከራቤል

ሰውዬው ሣር ተሸክሞ መጣ።

መኳንንት በላንድ ክሩዘሩ ሥር በጀርባው ተንጋሎ ፍሬን ያጠብቅ ነበር። ፍሬኑ እንኳ ጤነኛ ነው። የተኛው ሰዓት ለመግፋት ነው። ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት፣ ጓሳ አምባ ላይ፣ ከመንገዱ ዳር ካለው የኪሎ ሜትር ድንጋይ አጠገብ። አንገቱ ላይ ቀይ ፎጣ የጠመጠመ መንገደኛ ይመጣል። ስለ ገብስ ይጠይቃል። መኳንንት ይመልስለታል። ዕቃው ከእጅ ወደ እጅ ያልፋል። ከግማሽ ደቂቃ የሚበልጥ ሥራ አልነበረም።

ፎጣው ቀይ ነው።

«ወንድም፣ መኪናይቱ ገብስ ትጭናለች?» አለ ሰውዬው ጎንበስ ብሎ።

የይለፍ ቃሉም ልክ ነው። መልሱ «ገብሱ መሐል ሜዳ ቀርቷል» የሚል ነበር። መኳንንት ሊመልስ አፉን ከፈተ። ያኔ ሸክሙን አየ።

ሣሩ እርጥብ ነው። ዛሬ ጠዋት የታጨደ፣ ጫፉ ገና ውኃ ያዘለ፣ አረንጓዴ የጓሳ ሣር።

አፉን ዘጋ።

የጋራው የሣር ምድር ጓሳ ለአጨዳ ከተዘጋ ሦስተኛ ዓመቱ ነበር። የመንዝ ሰው ጓሳን ሲዘጋ እንደ ጾም ነው፤ ሽማግሌዎቹ ተሰብስበው ይከፈት እስኪሉ ድረስ የቤቱ ጣሪያ ቢያፈስ፣ ከብቱ ቢከሳ፣ ማጭድ ይዞ አይገባም። ሣሩ የሁሉም ስለሆነ ማንም ለብቻው አይነካውም። ይህን ሕግ የማያውቅ ሰው በዚህ ደጋ አልተወለደም። እንግዲህ ይህ ባለ ፎጣ የአገሩን ሰው ለመምሰል ሲል፣ የአገሩ ሰው የሆነ ሁሉ የማያደርገውን አድርጎ መጥቷል።

«እኔ የመንግሥት ሾፌር ነኝ፤ ጭነት አልጭንም» አለው መኳንንት፣ ፊቱን ወደ ፍሬኑ መልሶ።

«ገብስ ነው እኮ ያልኩህ።»

«ሰምቻለሁ። አልጭንም።»

 ሰውዬው ዞር አለና ሸክሙን ድንጋዩ ላይ አሳርፎ ተቀመጠ። የሚጠብቀው ሰው እንዳለ ያስታውቃል።

 ዕቃው በመኳንንት ግራ ጫማ ምላስ ሥር ነው። ከጥፍር የማትበልጥ ሜሞሪ። በውስጧ አሥራ ሁለት ደቂቃ ድምፅ አለ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ጊዜው ኅዳር 2006 ዓ.ም. ነው። የዲጂታል ቅጂ ቁጥጥር የሚባል ረቂቅ አዋጅ ወጥቷል። ከኢንተርኔት ላይ ያለ ፈቃድ መጽሐፍ፣ ዘፈን ወይም ስብከት ያወረደ፣ ያወረደውንም ከስልኩ ወደ ሌላ ሰው ስልክ ያስተላለፈ እስከ ሰባት ዓመት ይታሰራል። የሜሞሪ ጫኝ ሱቆች ኮምፒውተር ይወረሳል። ድረ ገጽ ያለ ዳኛ ትእዛዝ ይዘጋል። ሕዝቡ ምን እንደሚል ለመስማት ተብሎ «የጥናት ቡድን» ወደ ሰሜን ሸዋ ተላከ። የቡድኑ መሪ ኃይለ ኢየሱስ ነው፤ ልብሱ የተተኮሰ፣ ንግግሩ ለስላሳ፣ ሲቆጣ ጭራሽ ድምፁን ዝቅ የሚያደርግ ሰው። ጸሐፊዋ ሳሌም ናት። ሾፌሩ ደግሞ ትዕዛዙ ይባላል።

ትዕዛዙ የሚባል ሰው የለም። ሰባት ወር ሙሉ በዚያ ስም ሲነዳ፣ ሲፈርም፣ ደመወዝ ሲበላ የነበረው የድሮው የጦር ሠራዊት ራዲዮ ሠራተኛ፣ የዓለም ከተማው መኳንንት ነው። ሚስቱ አረጋሽ ዓለም ከተማ ላይ ሜሞሪ ጫኝ ናት። አዋጁን የተቃወሙ መምህራንና ባለሱቆች ቡድኑ ውስጥ ዓይንና ጆሮ ሲፈልጉ በአንድ ሰው በኩል እሱን አስገቡ። ምሥጢራዊ ስሙ «ማረሻ» ነው። ከተቃዋሚዎቹ ማረሻን በመልክ የሚያውቀው ያ አንድ ሰው ብቻ ነው፤ የራቤሉ መምህር በኃይሉ። የዛሬውን ርክክብ ያዘጋጀው ደግሞ አስፋው ነው፤ በራቤል ትልቁን የሙዚቃ ቤት የያዘ፣ በተቃውሞው ከሁሉ በላይ የሚጮኸው ሰው። አስፋው ቦታውንና ቃሉን ያውቃል። ማረሻ ማን እንደሆነ ግን አያውቅም።

ከትናንት በስቲያ ራቤል ላይ ስብሰባ ነበር። አራት መቶ አሥራ አምስት ሰው መጣ። ጄኔሬተሩንና ድምፅ ማጉያውን የሚያንቀሳቅሰው ሾፌሩ ነበርና ድምፅ እንድትቀዳ ሜሞሪዋን እዚያው ሰካት። በኃይሉ ተነሥቶ ትምህርት ቤቱ ለሦስት መቶ ተማሪ አሥራ አንድ የፊዚክስ መጽሐፍ እንዳለው፣ የቀረው ሁሉ በስልክ ላይ እንደሚነበብ ተናገረ። አንድ አዝማሪም ተነሣ። ዘፈኑን አትመው የከበሩት ትልልቆቹ ሙዚቃ ቤቶች እንደሆኑ፣ ገበሬ ስልኩ ላይ ቢጭነው ግን ስሙን እንዳስጠራለት ተናግሮ፣ «ልትከፍሉኝ ከፈለጋችሁ ክፈሉኝ፤ በእኔ ስም ግን ሰው አታስሩ» አለ። እጅ ሲቆጠር ሦስት ደገፉ፣ አራት መቶ አሥራ ሁለት ተቃወሙ።

ከስብሰባው በኋላ መኪናው ውስጥ ኃይለ ኢየሱስ ለሳሌም ቃለ ጉባኤውን አስጻፈ። «ተሰብሳቢው በሙሉ ድምፅ ደግፏል በይ» አላት። ልጅቷ እስክሪብቶዋን አንሥታ ዝም ስትል፣ «ሕዝቡ የሚለውን እኛ እናውቅለታለን፤ ጻፊ» ብሎ አከለ። ይህንም ሾፌሩ በኪሱ ስልክ ቀድቶ ሜሞሪዋ ላይ ጨምሮታል። ሰኞ የሐሰቱ ቃለ ጉባኤ ምክር ቤት ይገባል። ሜሞሪዋ ከዚያ በፊት አዲስ አበባ ካልደረሰች የራቤል ሰው አልተቃወመም ማለት ነው።

መኳንንት ገና ከመኪናው ሥር እንደተኛ፣ ከላይ ከመኪናው ውስጥ የኃይለ ኢየሱስ ስልክ ጮኸ። ሳሌም ጭላዳ ዝንጀሮ ልታይ ወደ ገደሉ ሄዳለች። መስኮቱ ክፍት ነው።

«አቶ አስፋው፣ ማንም አልመለሰለትም... አዎ፣ ቃሉን በትክክል ተናግሯል... መምህሩማ ከትናንት ጀምሮ ተይዟል፤ አፉን አልከፈተም... ፈቃዱ ያንተ ነው አልኩህ እኮ። ከመንዝ እስከ ግሼ ሌላ ሜሞሪ ጫኝ አይኖርም... ጸሐፊዋ ወይ ሾፌሩ ነው። ደብረ ሲና ስንደርስ ሁለቱንም ልብሳቸውን አስወልቀን እንፈትሻለን።»



አስፋው ሸጧቸዋል። ያ ሁሉ ጩኸት ለካ ገበያውን ለብቻው ለመጠቅለል ነበር። በኃይሉ ታስሯል፤ ታስሮም የማረሻን ስም አልተነፈሰም። መኳንንት እንባው ሊመጣ ሲል ተቆጣና መለሰው። የማልቀሻ ጊዜ አይደለም። ደብረ ሲና የሁለት ሰዓት መንገድ ነው። ከኋላቸው፣ ከጠመዝማዛው ላይ፣ አንዲት ነጭ ፒክአፕ ሁለት ሰው ይዛ ቆማለች። ሜሞሪዋን ቢውጣት ነፍሱን ያድናል፣ የራቤልን ቃል ይገድላል። ቢሮጥ ይተኩሱበታል።

ከመኪናው ሥር ወጣ። እጁን በጨርቅ ጠረገ። ቀና ሲል ከጉብታው ላይ በፈረስ የሚዞሩ አራት የጓሳ ጠባቂዎች አየ።

የአገሩን ሰርዶ በአገሩ በሬ።

«የአገር ያለህ!» ብሎ ጮኸ። «ጓሳ ታጨደ! የአገር ያለህ!»

ባለ ቀይ ፎጣው እንደ ተነደፈ ሰው ብድግ አለ። ሸክሙን ጥሎ ወደ ፒክአፑ ሊሄድ ሲል ፈረሶቹ ደረሱበት። የጠባቂዎቹ አለቃ ጋሼ መርስዔ ኃዘን ይባላሉ። ስልሳ ዓመት አልፏቸዋል፤ የበግ ጠጉር ባና ለብሰው ዱላቸውን ኮርቻው ላይ አጋድመዋል። ከፈረሳቸው ወርደው ሣሩን ነኩት፣ አሸተቱት፣ ከዚያ ሰውዬውን ከእግር እስከ ራሱ አዩት።

«የማን ልጅ ነህ?»

«ገዝቼው ነው አባቴ።»

«ከማን? ጓሳ ሻጭ አለው እንዴ?»

ሰውዬው ከኪሱ የመንግሥት መታወቂያ አወጣ። ያ የባሰ ስህተት ነበር። ሰርቆ ሊፈረድበት ሲል የመንግሥት ሰው ነኝ ማለት፣ በዚያ አገር፣ ስርቆቱን እጥፍ ያደርገዋል። ከየጉብታው ሰው ይወርድ ጀመር፤ ገብስ አጫጁ፣ ወደ ገበያ የሚሄደው፣ በግ የሚነዳው። ኃይለ ኢየሱስም ከመኪናው ወርዶ በለስላሳ ድምፁ ይህ ሰው ሥራ ላይ እንደሆነ ተናግሮ እንዲለቁት አዘዘ።

መርስዔ ኃዘን ወደ እሱ ዞሩ። «ያውቁታል ማለት ነው?»

 ኃይለ ኢየሱስ በሾፌሩና ጩኸቱን ሰምታ ከገደሉ በተመለሰችው ጸሐፊ ፊት፣ ሳያስበው፣ አውቀዋለሁ ብሎ ፈርሟል።

«እንግዲያው ሕጉን ልንገርዎ» አሉ ሽማግሌው። «የተሰረቀ ሣር መሬት ላይ እስካለ ድረስ፣ በቦታው የተገኘ ሁሉ ምስክር ነው። የጓሳ ሽማግሌዎች መጥተው ሳይቆጥሩት ምስክር ከጓሳ አይወጣም። መኪናም ይሁን ፈረስ።»

«እኔ የመጣሁት ከበላይ አካል ነው።»

«እኛም ከበታች ነን። ይቀመጡ።»

ልክ በዚህ መሐል ከመሐል ሜዳ የተነሣው የአዲስ አበባ አውቶብስ ደረሰ። ጠባቂዎቹ አስቆሙት። ሾፌሩ ጡሩምባውን ቢነፋም የሰማው የለም። ስልሳ ሦስት ተሳፋሪ እየተነጫነጨ ወርዶ ሣሩ ላይ ተቀመጠ። ከስልሳ ሦስቱ ስልክ የሌለው ከአሥር አይበልጥም።

መኳንንት ይህን አይቶ ዕቅዱን ለወጠ።

አንድ መልእክተኛ ሊያዝ ይችላል። አንድ ሜሞሪ ሊጠፋ ይችላል። ያዘጋጁት ሁሉ የተበላሸው በአንድ ሰው ላይ ስለተንጠለጠለ ነው። ሰባት ወር ሙሉ የተሟገቱለትን ነገር ራሳቸው ረስተውት ነበር፤ የተቀዳ ነገር ለብዙዎች ሲደርስ እንጂ በአንድ ኪስ ሲቀመጥ ዕድሜ የለውም። ጎማ የሚያይ መስሎ ጎንበስ አለ። ሜሞሪዋን ከጫማው አውጥቶ ስልኩ ውስጥ ከተተ። ከዚያ እየተንጠራራ ሄዶ ከተሳፋሪዎቹ መሐል፣ ለገበያ የያዘችው ባና ላይ ከተቀመጠች ሴት አጠገብ አረፈ። ስሟ ተሾመች ነው። ስልኳ መዝሙር ያጫውታል።

«እትዬ፣ ብሉቱዝዎን ይክፈቱልኝ» አላት ዝቅ ብሎ።

«መዝሙር ነው?»

«የራቤል ሰው ቃል ነው፤ ስልካችንን ሊነኩብን ነው። አዳምጠው ለጎረቤትዎ ያሳልፉ። ከማን ደረሰሽ ካሉዎት ከሰው ይበሉ።»

ሴቲቱ ፊቱን አየች። ቀጥላም ኃይለ ኢየሱስን አየች። ብሉቱዟን ከፈተች። ባለ ሱቅ ያልሆነ፣ ፖለቲካ የማይወድ፣ ስለ አዋጁ በራዲዮ እንኳ ያልሰማ ሰው፣ ስልክህን ሊነኩብህ ነው ሲባል ግን ነገሩ ወዲያው ይገባዋል።

አንድ ደቂቃ ተኩል ፈጀ። ከእሷ ወደ ቀኟ። ከቀኟ ወደ አንድ ወታደር። ከወታደሩ ወደ ሁለት ተማሪዎች፤ እነሱ በሁለት አቅጣጫ ላኩት። በየቦታው ሰው አንገቱን ደፍቶ ስልኩን ጆሮው ላይ ለጠፈ። ከጠባቂዎቹ አንዱም ፈረሱ ላይ ሆኖ «ለእኔም ላኩልኝ እንጂ» ሲል መኳንንት ሰማው። ከብዙ ጊዜ በኋላ ለመጀመሪያ ጊዜ ሊስቅ ምንም አልቀረውም።

ሽማግሌዎቹ መጥተው ቆጠራው ሊጀመር ሲል አንድ ስልክ ድምፁ ከፍ አለ።

«ሕዝቡ የሚለውን እኛ እናውቅለታለን፤ ጻፊ።»

ኃይለ ኢየሱስ ቀና አለ። ድምፁ የራሱ ነው።

ከወዲያ ማዶ ሌላ ስልክ፣ ሌላ ቦታ ላይ ደርሶ፣ «በሙሉ ድምፅ ደግፏል በይ» አለ። ሰው መሳቅ ጀመረ። ከዚያ ሳቁ ቆመና ማጉረምረም ሆነ። ከአፍ ከወጣ አፋፍ ይባላል፤ ኃይለ ኢየሱስ ለካ ቃሉን በአፋፉ ላይ ቆሞ እየሰማው ነው። ፊቱ አመድ መሰለ። ሳሌምን ክንዷን ያዛት።

«መኪናው ውስጥ እኔና አንቺ ብቻ ነበርን» አላት በጣም ዝቅ ባለ ድምፅ። «ማን አስቀዳሽ?»

በስልክ ሾፌሩንም ጠርጥሮ ነበር፤ በቁጣው ግን ሾፌርን ሰው ብሎ አልቆጠረውም። ልጅቷ «አልቀዳሁም» አለች። ከፒክአፑ የመጡት ሁለቱ ሰዎች ግራና ቀኝ ቆሙባት። አንዱ እጁን ኮቱ ሥር አስገብቷል።

መኳንንት ፈራ። ይህን መደበቅ አያስፈልግም። ዝም ቢል ትዕዛዙ ሆኖ ይቀራል። ሜሞሪዋን ሣር ውስጥ ቢጥላት ደብረ ሲና ላይ ንጹሕ ነው። ነገ ሌላ ረቂቅ ሲመጣ አሁንም ዓይንና ጆሮ ይሆናል። የስለላ ደንቡ ግልጽ ነው፤ ሽፋንህን ለማንም አትሠዋ። ልጅቷ ደግሞ ያን ሐሰት በእጇ ጽፋዋለች። ግን እስክሪብቶዋን አንሥታ ዝም ያለችበትን ያን ጊዜ አስታወሰ። የአብዬን እከክ ወደ እምዬ ልክክ ሲሉ ቆሞ ማየት አልቻለም።

ተነሣ።

«ልጅቷን ይተዋት። እኔ ነኝ የቀዳሁት።»

«አንተ? ትዕዛዙ?»

«ትዕዛዙም አይደለሁም።»

ሽጉጡ ወጣ።

መርስዔ ኃዘን መሐል ገቡ። ሮጠው አልነበረም፤ በቤተ ክርስቲያን ግቢ እንደሚሄድ ሰው ቀስ ብለው ነው የገቡት። ዱላቸውን በሽጉጡና በመኳንንት መካከል አጋደሙ። ከኋላቸው አውቶብሱ ሙሉ ሰው ተነሥቶ ቆመ።

«ምስክር ነው» አሉ። «በመጀመሪያ የጮኸልን እሱ ነው። እስኪቆጠር ድረስ የጓሳ ሰው ነው፤ የሚነካው የለም።»

«ሕግ እየጣሳችሁ ነው» አለ ኃይለ ኢየሱስ።

«ሕግ ማለት የሚገዛበት ሰው ተቀምጦ፣ ተከራክሮ የቆረጠው ነው። የእኛን ሣር ሕግ እንዲህ ነው ያወጣነው። የእርስዎን ሕግ እንዴት እንዳወጡት አሁን ከስልኩ ሰማን።»

ቆጠራው ተጀመረ። ስም አይጠየቅም፣ ራስ ብቻ ነው የሚቆጠረው፤ መቶ ሰማንያ አራት ራስ። ሲቆጥሩ የነበሩት ሽማግሌ መኳንንት ዘንድ ሲደርሱ ትከሻውን ነክተው «አንድ፤ ተቆጥሮ ያለፈ» አሉና በዓይናቸው ገደሉን አሳዩት። አንድ ጠባቂ መንገድ ሊመራው ፈረሱን አዙሮ ቀደመው። ሌሎቹ ቆመው ሳለ፣ ሰው እንደ አጥር ተያይዞ ቆሞ ሳለ፣ መኳንንት በእግሩ ወረደ። ሊተኩሱ ቢሉ በማን ላይ ይተኩሳሉ? ወደ ኋላ ሲመለከት ሳሌም የአውቶብሱን ደረጃ ስትወጣ አያት። ተሾመች እጇን ይዛታለች።

ገደሉን ጨርሶ ቆላ ሲገባ ጀንበር ልትጠልቅ ነበር። ያሲን የሚባል የሽንኩርት ነጋዴ፣ የተቃውሞው ወዳጅ፣ በአይሱዙው ሊያሳድረው ወደሚችልበት ከተማ ወሰደው። መንገድ ላይ ነዳጅ ሊቀዱ ሲቆሙ ቀጂው ልጅ ያን ድምፅ እያዳመጠ ነበር። ከእነሱ በፊት ደርሷል።

ሰኞ ዕለት ቃለ ጉባኤው ምክር ቤት ገባ። ከእሱ ጋር፣ በየኮሚቴ አባሉ ስልክ፣ አሥራ ሁለቱ ደቂቃም ገባ። የካቲት ላይ ራዲዮው ረቂቁ ለተጨማሪ ጥናት መመለሱን በአንድ ዓረፍተ ነገር ተናገረ። ምክንያት አልሰጠም። አስፋው የተባለለትን ፈቃድ አላገኘም፤ ራቤል ላይ ሰላም የሚለውም አላገኘም። በኃይሉ አምስት ወር ታስሮ ወጣ። ማስተማር ግን ተከለከለ፤ አሁን የወንድሙን ገብስ ያርሳል።

መኳንንት ሚስቱን አረጋሽን አንድ ጊዜ በሰው ስልክ አገኛት። ትዕዛዙ ማን እንደሆነ ደርሰውበት ሱቋን አሽገውባታል። ኮምፒውተሩን ወስደዋል። ሁለት ሰዎች በሯ ላይ በፈረቃ ይቀመጣሉ፤ እሱን ነው የሚጠብቁት።

«ልምጣ?» አላት። እያወቀ ነው የጠየቀው።

«እንዳትመጣ» አለችው። «እነሱም ይጠብቁ፣ እኔም እጠብቃለሁ። ማን ቀድሞ እንደሚሰለቸው እናያለን።»

ከዚያ ወዲያ አልደወለም። ቢደውል መስመሩ ይጠለፋል።

ዛሬ በሌላ ስም፣ በሌላ ክፍለ ሀገር ሚኒባስ ይነዳል። አንድ ቀን ከፊት ወንበር የተቀመጠ ጎልማሳ ተሳፋሪ ስልኩን አውጥቶ ሲያዳምጥ የአዝማሪው ድምፅ ተሰማ። ሰውዬው ሾፌሩ ጆሮ መስጠቱን ሲያይ ደስ አለው። ይህን የቀዳችው ጸሐፊዋ ናት እንደሚባል፣ አንዳንዱ ግን ቄስ ነው እንደሚል፣ የአክስቱ ልጅ ደግሞ የሞተ ሾፌር መሆኑን ከታመነ ሰው እንደሰማ አጫወተው።

«አንተስ ምን ሰማህ?» አለው።

«ስለ እሱ ሰምቼ አላውቅም» አለ መኳንንት።

«እንግዲያው ብሉቱዝህን ክፈት፤ ልላክልህ።»

መኳንንት አንድ እጁን ከመሪው አንሥቶ ስልኩን ከፈተ። ተላከለት። ተሳፋሪው መናኸሪያ ደርሶ ወረደ፣ ሌላ ሰው በቦታው ገባ፣ ረዳቱም በሩን ዘግቶ «ሳበው» አለ።